ዕድልን በመቁጠር ማስላት፤ ከዕቁብ ዕጣ እስከ ባሕረ ሐሳብ

ዕድልን በመቁጠር ማስላት ማለት ሊሆኑ የሚችሉትን ሁሉ ቆጥሮ፣ ከእነሱ ውስጥ የሚፈለገውን የሚያስገኙትን ለይቶ፣ ሁለተኛውን ቁጥር ለመጀመሪያው ማካፈል ነው። በትምህርት ቤት ፕሮባቢሊቲ ወይም ይሆናልነት ይባላል። የሚሠራው አማራጮቹ ሁሉ እኩል ዕድል ሲኖራቸው ብቻ ነው።

በጎንደር ይህ ስሌት ጎልቶ የሚታየው ዕቁብ ላይ ነው። ስሞቹ በእኩል በተቆረጡ ወረቀቶች ይጻፋሉ፤ ተጠቅልለው ጣሳ ውስጥ ይገባሉ፤ ጣሳው በደንብ ይናጣል፤ ብዙ ጊዜም ሕፃን እጁን ሰድዶ አንዷን ያወጣል። ጠቅለል ያላለ ወይም ወፈር ያለ ወረቀት ካለ እጅ ይለየዋል፤ ያን ጊዜ ቆጠራው ዋጋ የለውም። ጠንቃቃ ጸሐፊ ወረቀቱን ሁሉ ከአንድ ደብተር የሚቀደው ለዚህ ነው።

12 አባላት ባሉት ዕቁብ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ሳምንታት የሚበሉት ሰዎች በ66 ዓይነት ጥንድ ሊወጡ ይችላሉ (12 በ11 ተባዝቶ ለ2 ሲካፈል)። ስለዚህ ሁለት ጎረቤታሞች ሁለቱንም ሳምንታት የመውሰድ ዕድላቸው 1/66 ነው። ከሁለቱ አንዳቸውም የሌሉበት 45 ጥንድ ስለሆነ ቢያንስ አንዳቸው የመውጣት ዕድል 21/66 ይሆናል። «ዕጣው በገፋ ቁጥር ዕድሌ ይቀየራል» የሚሉ አሉ። ከመጀመሪያው ሆኖ ለሚቆጥር ግን አይቀየርም፤ ለሦስት ሳምንት ከሚኖሩት 1,320 ቅደም ተከተሎች የአንድ ሰው ስም ሦስተኛ ላይ የሚውልባቸው 110 ናቸው፤ ያው 1/12 ነው።

የስሌቱ መነሻ አውሮፓ ነው። ጣሊያናዊው ካርዳኖ በ16ኛው ክፍለ ዘመን ስለ ዛራ ጨዋታ ጽፎ ነበር። ዋናው ዘመን ግን እ.ኤ.አ. 1654 ነው፤ በዚያ ዓመት ዐፄ ፋሲል በጎንደር ነግሠው ሳለ የሒሳብ ሊቃውንቱ ፓስካልና ፌርማ በፈረንሳይ ይጻጻፉ ነበር። ጥያቄያቸው በመሀል የተቋረጠ ጨዋታ የውርርድ ገንዘብ በተጫዋቾቹ መካከል እንዴት ይከፋፈል የሚል ነበር። ለማሸነፍ አንዱ ሁለት ነጥብ፣ ሌላው ሦስት ቢቀረው፣ በፌርማ መንገድ ቢበዛ አራት ዙር ስለሚቀር 16 አማራጮች ይዘረዘራሉ፤ 11ዱ ለመጀመሪያው፣ 5ቱ ለሁለተኛው ይሆናሉ። ከመቶ ዓመት በኋላም ፈረንሳዊው የሒሳብ ሊቅ ዳላምቤር ሳንቲም ሁለት ጊዜ ሲወረወር አንድ ጊዜ እንኳ ዘውድ የመውጣት ዕድል 2/3 ነው ብሎ ተሳስቷል። ዘውድ ወዲያው ከወጣ ጨዋታው አለቀ ብሎ ሦስት አማራጭ ብቻ ቆጠረ፤ በትክክል ግን ዘውድ-ዘውድ፣ ዘውድ-ጎፈር፣ ጎፈር-ዘውድ፣ ጎፈር-ጎፈር አራት ናቸው፤ መልሱ 3/4 ነው። ሌላው ፈረንሳዊ ላፕላስ በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ከላይ የተሰጠውን የዕድል ትርጉም አጸናው።

የጎንደር ሊቃውንት ለዘመናት ያስተማሩት ባሕረ ሐሳብ፣ የበዓላትና የአጽዋማት ቀን ማውጫ ስሌት፣ ደግሞ የዚሁ ቆጠራ ታላቅ ምሳሌ ነው፤ ምንም እንኳ ዕድልን ሳይሆን የታወቀ ቀንን የሚያወጣ ቢሆንም። ዓመታት የሚሰየሙባቸው አራቱ ወንጌላውያን ከሰባቱ ዕለታት ጋር ሲጣመሩ 28፣ ይህም ዐውደ ፀሐይ፤ በ19ኙ ዐውደ አበቅቴ (የጨረቃ ዑደት ዓመታት) ሲባዛ 532፣ ይህም ዐውደ ቀመር ነው። ከ532ቱ ዓመታት አንዱ በዕጣ ቢወጣ፣ ዘመነ ሉቃስ ሆኖ መስከረም 1 እሑድ የሚውልበት ዓመት የመሆን ዕድሉ 19/532 ወይም 1/28 ነው።

እ.ኤ.አ. በ1954 በጤና ኮሌጅነት በተመሠረተው የጎንደር ዩኒቨርሲቲ በሚሰጠው የጤና ትምህርት ላይ ቆጠራው የሰው ሕይወት ጉዳይ ይሆናል። ሁለቱም ወላጆች ሳይታመሙ የአንድን በሽታ ዘረመል ተሸካሚ ቢሆኑ፣ የእያንዳንዳቸው ጤነኛና የበሽታ ዘረመል ሲጣመሩ ከሚገኙት አራት ጥምረቶች አንዱ የታመመ ልጅ ያስገኛል። ይህ ማለት ግን ከአራት ልጆች አንዱ የግድ ይታመማል ማለት አይደለም። አራቱም ጤነኛ የሚሆኑበት ዕድል 81/256 (3/4 × 3/4 × 3/4 × 3/4) ነው።