ቅድመ ማስጠንቀቂያ ምንድን ነው? ፍየልና ማሽላን ምን አገናኛቸው?

ቅድመ ማስጠንቀቂያ ሲባል ብዙ ሰው የሚመጣለት የአየር ትንበያ ነው። ይዘንባል፣ አይዘንብም። እሱ አንዱ ቁራጭ ብቻ ነው። ዋናው ነገር ሰው ከመራቡ በፊት፣ በሬው ገና በረት እያለ፣ የሚመጣውን ችግር ከምልክቱ ለይቶ መናገር ነው።

ወሎን እንየው። እንደ ለጋምቦና ደላንታ ያሉ ደጋዎች በበልግ ዝናብ ገብስ ያመርታሉ። ቆላው ደግሞ ማሽላውን የሚዘራው በዚሁ በበልጉ እርጥበት ነው። ስለዚህ በልግ ከቀረ የሰኔው እህል ብቻ አይደለም የሚቀረው፤ ገበሬው ማሽላውን ትቶ በክረምቱ ቶሎ የሚደርስ ጤፍ ቢዘራ እንኳ የኅዳሩ አዝመራ ይሳሳል።

ቀጥሎ ገበያው አለ፣ እኔ ከሁሉም አብልጬ የማየው እሱን ነው። የባቲን የሰኞ ገበያ አስቡት። የፍየል ዋጋ ለብቻው፣ የማሽላ ዋጋም ለብቻው ብዙ አይነግራችሁም። ጥያቄው አንድ ፍየል ስንት ማሽላ ይገዛል የሚለው ነው። እንበልና አምና አንድ ፍየል የሸጠ ሰው አንድ ኩንታል ጭኖ ይገባ ነበር፤ ዘንድሮ ግማሽ ኩንታል ብቻ ከሆነ፣ ገበያው እህል በእህል ቢሆንም ያ ቤት ችግር ውስጥ ነው። ሣር ሲጠፋ ሁሉም ከብቱን በአንድ ጊዜ ይዞ ይወጣላ፣ የፍየሉም ዋጋ ይወድቃል! ህንዳዊው ኢኮኖሚስት አማርትያ ሴን የ1965ቱን የወሎ ረሃብ ሲያጠና ያገኘው ይህን የመሰለ ነገር ነው፤ ደሴ ላይ የእህል ዋጋ ያን ያህል አልናረም ነበር፣ ሰዉ ግን መግዣ አጣ። እንዲያውም ከወሎ ተጭኖ የሚወጣ እህል ነበር።

ሌሎችም ምልክቶች አሉ። ጎረምሳው ከወትሮው ቀድሞ ለቀን ሥራ አገር ጥሎ ይሄዳል፣ ልጆች ከትምህርት ይቀራሉ። የእርሻ በሬ ለገበያ ከወጣ ግን ረፍዷል፤ ያ ቤት በሚቀጥለው ዓመት ቢዘንብለትም የሚያርስበት የለውም።

እዚህ ላይ የሚያንገበግበኝን ልናገር። በ1976 ዓ.ም. የእርዳታ ማስተባበሪያና ማቋቋሚያ ኮሚሽን ከ5 ሚሊዮን በላይ ሰው አደጋ ላይ መሆኑን ለለጋሾች ተናግሯል። ዓለም የተነቃነቀው ግን በጥቅምት 1977 የኮረም ረሃብተኞች ምስል በቴሌቪዥን ከታየ በኋላ ነው። ማስጠንቀቂያው ነበር። ያልነበረው ውሳኔው ነው።

ለዚህ ነው ዛሬ የመስኩ ሰዎች ስምምነቱ አስቀድሞ ይጠናቀቅ የሚሉት፦ የፍየሉ መግዣ አቅም እዚህ ድረስ ከወረደ ገንዘቡ ያለ ተጨማሪ ስብሰባ ይለቀቃል፣ ማን ምን እንደሚያደርስም ቀድሞ ይታወቃል። በልግ በቀረበት ዓመት መኖውም ጥሬ ገንዘቡም መድረስ ያለበት በግንቦትና በሰኔ ነው፣ ፍየሉ ገና ሥጋ እያለው።