የሰላይ ኑሮ በቴሌቪዥን ድራማ፣ ከጎጃም ሲታይ

የስለላ ድራማ በብዙ አገር ተመልካች የማይጠፋለት ዘውግ ነው። የድሮዎቹ ጀግናውንና ጠላቱን ለይተው ያሳያሉ። ተኩስ አለ፣ ማሳደድ አለ፣ በመጨረሻ የእኛ ሰው ያሸንፋል። ጥሩዎቹ ግን ሌላ ጥያቄ ይዘው ይመጣሉ። ሰው ለአገሩ ብሎ የገዛ ልጆቹን ስንት ዓመት መዋሸት ይችላል?

«ዘ አሜሪካንስ» (እ.ኤ.አ. 2013–2018) ለዚህ ዋና ምሳሌ ነው። የድራማው ፈጣሪ ጆ ዋይስበርግ ራሱ በአሜሪካው የስለላ ድርጅት በሲአይኤ የሠራ ሰው ነው። ሁለት የኬጂቢ፣ ማለትም የሶቪየት ኅብረት የስለላ ድርጅት፣ ሰላዮች እንደ አሜሪካዊ ባልና ሚስት ሆነው ዋሽንግተን አቅራቢያ ይኖራሉ። ጎረቤታቸው ሰላይ የሚያድነው የአሜሪካ የምርመራ ቢሮ፣ የኤፍቢአይ፣ ሰው ነው። ይገድላሉ፣ ያታልላሉ፣ ከዚያ ቤት ገብተው ልጆቻቸውን ያበላሉ። መጨረሻ ላይ ሲሸሹ ወንድ ልጃቸውን ትተውት ይሄዳሉ። ሴት ልጃቸው ድንበሩ ጋ ከባቡር ወርዳ ትቀራለች። እናትየዋ ልጇን በመስኮት የምታያት ባቡሩ ከተንቀሳቀሰ በኋላ ነው።

ይህ ለጎጃም ሰው ባዕድ አይደለም። በጣሊያን ወረራ ዘመን (1928–1933 ዓ.ም.) ጠላት ደብረ ማርቆስን፣ ቡሬንና ዳንግላን በምሽግ ይዞ ነበር። ገጠሩ በአመዛኙ የአርበኛ ነበር። በየከተማው ደግሞ የውስጥ አርበኞች ነበሩ። ቀን ከጣሊያን ጋር ውለው በስውር ጥይት፣ መድኃኒትና ወሬ ወደ ጫካ ይልካሉ። ክፋቱ፣ ሥራውን አሳምሮ የሚሠራ የውስጥ አርበኛ በዓይን ሲታይ ከባንዳ አይለይም። ጎረቤት ይሸሸዋል። ለቅሶ ቤት ሲገባ ወሬው ይቋረጣል። «እኔኮ የእናንተው ነኝ» ቢል የሚሞተው እሱ ብቻ አይደለም።

በሌላ በኩል የጎጃም ገዥ የነበሩት ራስ ኃይሉ ተክለ ሃይማኖት አሉ። በ1924 ዓ.ም. በንጉሠ ነገሥቱ ታሰሩ፤ ወረራው ሲመጣ ከጣሊያን ጋር ሆኑ። በኋላም ጣሊያን የጎጃምን አርበኛ እንዲያዳክሙለት ወደ ደብረ ማርቆስ መለሳቸው። ቂም ነው? ጥቅም ነው? ሁለቱም ይመስለኛል። መጋቢት 28 ቀን 1933 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ደብረ ማርቆስ ሲገቡ ከተቀበሏቸው መካከል እኚሁ ራስ ኃይሉ ነበሩ።

ይህ ዘመን በአማርኛ ተከታታይ ድራማ ሆኖ ባየው ደስ ይለኛል። ዋና ገጸ ባሕርይው ግን መስፍኑ ባይሆን እመርጣለሁ። ለጣሊያን ቢሮ የሚያስተረጉም፣ ስሙ የትም ያልተጻፈ ሰው ይሁን። ነፃነት ሲመጣ ሊመሰክሩለት የሚችሉት ጥይቱን የተቀበሉት ናቸው። እነሱ ጫካ ወድቀው ከሆነ ባንዳ እንደተባለ ይኖራል።