የካኖን የአእምሯዊ ንብረት ስትራቴጂ፦ የሰውን አጥር ማለፍ፣ የራስን አጥር ማጠር

ዋና መሥሪያ ቤቱ ቶኪዮ የሚገኘው ካኖን በካሜራ፣ በፎቶ ኮፒ ማሽን፣ በፕሪንተርና በማይክሮቺፕ ማምረቻ መሣሪያዎች የታወቀ የጃፓን ኩባንያ ነው። በየዓመቱ ከአሜሪካ የፓተንት መሥሪያ ቤት ብዙ ፓተንት (በአንድ ፈጠራ ለብቻ የመጠቀም መብት) ከሚያገኙ አምስት ድርጅቶች አንዱ ሆኖ እስከ 2023 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ከ30 በላይ ተከታታይ ዓመታት ቆይቶ ነበር። ቁጥሩ ብቻውን ግን ብዙ አይናገርም፤ የፊልምና የካሜራ አምራቹ ኮዳክም በ2012 ለኪሳራ ሲዳረግ እጁ ላይ የዲጂታል ምስል ፓተንት ሞልቶ ነበር። የካኖንን ታሪክ ከሌሎቹ የሚለየው፣ ኩባንያው የትኛውን ሐሳብ እንደሚያጥር፣ የትኛውን እንደሚያካፍልና የትኛውን ደብቆ እንደሚይዝ የሚወስንበት ብልሃት ነው። ይህን ብልሃት ደግሞ የተማረው የሌላ ኩባንያ አጥር ሥር ቆሞ ነው።

የካኖን የንግድ ምልክት ከኩባንያው በዕድሜ ይበልጣል። በ1933 በአንድ አነስተኛ ቤተ ሙከራ ሥራ የጀመሩት መሥራቾች በ1934 ያስተዋወቁትን የሙከራ ካሜራ በቡድሂስት እምነት የምሕረት አምላክ በምትባለው ስም «ክዋኖን» ብለውት ነበር። ስሙ ለዓለም ገበያ እንዲመች ተስተካክሎ «ካኖን» በ1935 ለምዝገባ ሲቀርብ፣ ኩባንያው ገና አልተቋቋመም፤ የተቋቋመውም በ1937 በሌላ ስም ሲሆን በምልክቱ መጠራት የጀመረው በ1947 ነው።

ትልቁ ትምህርት የመጣው በ1960ዎቹ ነው። አሜሪካዊው ቼስተር ካርልሰን በ1938 የፈለሰመው በደረቅ ቀለም የመቅዳት ዘዴ በአሜሪካው ኩባንያ በዜሮክስ እጅ ገብቶ፣ በ1959 «914» የተባለው ማሽን ይፋ ከሆነ በኋላ ኩባንያው ገበያውን ለብቻው ያዘው። ዜሮክስ ዋናውን ፈጠራ ብቻ ሳይሆን፣ ብርሃን ሲያርፍበት ኤሌክትሪክ የሚያስተላልፈውን የሴሌኒየም ድራም (የሚሽከረከር ሲሊንደር)፣ ቀለሙን፣ ወረቀቱ የሚጓዝበትን መንገድና ቀለሙ በሙቀት የሚጣበቅበትን ክፍል ሳይቀር በመቶዎች በሚቆጠሩ ፓተንቶች ከብቦት ነበር። በዚህ አጥር ውስጥ መግባት የፈለገ ሁሉ ፈቃድ መለመን ወይም መከሰስ ነበር ዕጣው።

ካሜራን ብቻ ይዞ መቀጠል የማያዋጣው ካኖን ግን የተለየ መንገድ መረጠ። መሐንዲሶቹና የፓተንት ባለሙያዎቹ አንድ ላይ ተቀምጠው የዜሮክስን ሰነዶች አንድ በአንድ እያነበቡ፣ አጥሩ የማይደርስበትን ቦታ ፈለጉ። የተገኘውም በሴሌኒየም ፈንታ ካድሚየም ሰልፋይድ የሚጠቀም፣ በላዩ ላይ ኤሌክትሪክ የማያስተላልፍ ስስ ሽፋን ያለው ባለ ሦስት ንብርብር ድራም ነበር። ይህ ሽፋን የኤሌክትሪክ ሙሌቱን ቅደም ተከተል ስለሚቀይረው፣ የምስሉ አፈጣጠር ራሱ ከካርልሰን ዘዴ የተለየ ሆነ። አዲሱ አሠራር በ1968 ይፋ ተደርጎ፣ ማሽኑ በ1970 ለገበያ ቀረበ፤ በተራ ወረቀት የሚቀዳ የመጀመሪያው ጃፓን ሠራሽ ፎቶ ኮፒም ሆነ። ዜሮክስ ፓተንቶቹን ለተወዳዳሪዎች እንዲያካፍል በአሜሪካ የንግድ ውድድር ተቆጣጣሪ የተገደደው በ1975 ስለሆነ፣ ካኖን በሩ እስኪከፈት አልጠበቀም ማለት ነው። ለዓመታት የኩባንያውን የፓተንት ሥራ የመሩት ጊኢቺ ማሩሺማ በጃፓን የዘርፉ አንጋፋ ተብለው የሚጠቀሱትም ከዚህ ዘመን ጀምሮ ነው።

ከዚያ ወዲህ የፓተንት ባለሙያ በካኖን ዘንድ፣ ምርት ካለቀ በኋላ ማመልከቻ የሚጽፍ ጸሐፊ አይደለም። ጥናቱ ሲጀመር ከመሐንዲሱ ጎን ይቀመጣል፤ የሌሎች መብት የት እንዳለ ያሳያል፤ ተወዳዳሪ ነገ በየት በኩል ሊመጣ እንደሚችልም ይገምታል። የፈጠራ አጋጣሚ በዚህ ዝግጅት ላይ ሲያርፍ ምን እንደሚሆን የ1977ቱ ታሪክ ጥሩ ማሳያ ነው። ኢቺሮ ኤንዶ ከተባሉት ተመራማሪ ጋር በሚሠራው ቡድን ውስጥ የጋለ የብየዳ ካውያ ሳይታሰብ ቀለም የተሞላ ሲሪንጅ መርፌ ሲነካ፣ ቀለሙ ከመርፌው ጫፍ ፈንጥቆ ወጣ። ሙቀት በቀለሙ ውስጥ አረፋ ፈጥሮ ጠብታን ሊገፋ እንደሚችል የተረዱት ሰዎች በዚያው ዓመት የፓተንት ማመልከቻ አስገቡ። የኮምፒዩተርና የፕሪንተር አምራቹ ኤችፒም በአሜሪካ በራሱ መንገድ ተመሳሳይ ሐሳብ ላይ ደርሶ ነበር፤ ሁለቱ በፍርድ ቤት ከመጨራረስ ይልቅ መብታቸውን ተለዋወጡ።

መብት መለዋወጥ በኤሌክትሮኒክስ ዘርፍ የተለመደ ነው፤ አንድ ፕሪንተር በሺዎች በሚቆጠሩ የተለያዩ ሰዎች ፈጠራዎች ላይ ስለሚቆም ማንም ለብቻው ሊሠራው አይችልም። ካኖንን ልዩ የሚያደርገው ለልውውጥ የማያወጣቸው ነገሮች መኖራቸው ነው። በሰፊው የሚፈለጉ የጋራ ቴክኖሎጂዎችን ለመደራደሪያ ሲያውል፣ የዋና ምርቶቹን ልዩ ጠባይ የሚወስኑትን ግን ለራሱ ይይዛል። የፋብሪካ ውስጥ አሠራርን የመሰለ፣ ምርቱ ተፈትቶ ቢታይ እንኳ የማይገኝ ዕውቀት ደግሞ በፓተንት ይፋ ከሚወጣ ይልቅ በንግድ ሚስጥርነት ቢጠበቅ ይሻላል። በሌላ በኩል፣ ምንም ሳያመርቱ ፓተንት እየገዙ አምራቾችን በመክሰስ የሚተዳደሩ ድርጅቶች ሲበዙ፣ ካኖን በ2014 ከጉግልና ከሌሎች ጋር የሎት ኔትወርክ መሥራች አባል ሆነ፤ በዚህ ስምምነት የአንድ አባል ፓተንት በእንዲህ ያለ ከሳሽ እጅ ከወደቀ ሌሎቹ አባላት በዚያው ቅጽበት የመጠቀም ፈቃድ ያገኛሉ።

ከሁሉም በላይ የተጠናከረው አጥር ግን ያለው በማሽኑ ላይ ሳይሆን ተጠቃሚው ደጋግሞ በሚገዛው ነገር ላይ ነው። ካኖን በ1982 ባወጣው አነስተኛ ፎቶ ኮፒ፣ ድራሙንና ቶነሩን (ደረቁን ቀለም) ከሌሎች ተበላሺ ክፍሎች ጋር በአንድ ካርትሪጅ፣ ማለትም ወጥቶ በሚተካ ሣጥን ውስጥ አሰባሰበ፤ ምክንያቱም በየቤቱና በየትንሹ ቢሮ የጥገና ባለሙያ መላክ አይቻልም። ይኸው ሐሳብ በ1984 የካኖንን የማተሚያ ክፍል ይዞ በወጣው የኤችፒ ፕሪንተር፣ በሌዘርጄት፣ ዓለምን ያዳረሰ ሲሆን፣ የገቢው ምንጭም ከማሽኑ ሽያጭ ወደ ካርትሪጁ ዞረ። ታዲያ ባዶ ካርትሪጅ የሚሞሉ ሰዎች በየአገሩ መነሳታቸው አልቀረም፤ በአዲስ አበባ ፎቶ ኮፒ ቤቶችም ቶነር ማስሞላት የዘወትር ሥራ ነው።

ያገለገለውን የቀለም ካርትሪጅ ሞልቶ መሸጥ የፓተንት ጥሰት ነው ወይ የሚለው ጥያቄ በጃፓን እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሷል። ሪሳይክል አሲስት የተባለው ኩባንያ ማካው ውስጥ እየታጠቡ የተሞሉ የካኖን ካርትሪጆችን ወደ ጃፓን ያስገባ ነበር። የመጀመሪያው ፍርድ ቤት በ2004 ካኖንን አሸናፊ አላደረገም፤ የአእምሯዊ ንብረት ከፍተኛ ፍርድ ቤት ግን በ2006 ውሳኔውን ሻረ፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በኅዳር 2007 አጸናው። ነገሩ የተንጠለጠለው እንደ ስፖንጅ ባሉ ሁለት ክፍሎች መገናኛ ላይ ነው፦ ቀለሙ አልቆ ሲደርቅ ያ መገናኛ ቀለም እንዳይፈስ የመከላከል ጥቅሙን ያጣል፤ ካርትሪጁን ቀዶ አጥቦ መሙላት ጥቅሙን ስለሚመልሰው፣ ፍርድ ቤቱ ድርጊቱን ከጥገና ይልቅ እንደ አዲስ ማምረት ቆጠረው። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2017 በፕሪንተር አምራቹ በሌክስማርክ ጉዳይ የሰጠው ውሳኔ ከዚህ ይለያል፤ ዕቃው አንዴ ከተሸጠ ሻጩ በፓተንት ስም ሊከታተለው አይችልም ብሏል። ይሁንና ውሳኔው የተሸጠን ካርትሪጅ እንጂ ከመነሻው ተመሳስሎ የተሠራን አይመለከትም።

ካኖን ተመሳስለው በተሠሩት ላይ የያዘው መሣሪያ በድራሙ ጫፍ ላይ የምትገኝ አንዲት ትንሽ የፕላስቲክ ማያያዣ ነች። ማያያዣዋ ዘንበል ማለት ስለምትችል፣ ካርትሪጁ ከፕሪንተሩ ሲወጣና ሲገባ ከሚያሽከረክረው ዘንግ ጋር ያለ ችግር ትላቀቃለች፣ ትያያዛለች። ይህን ፓተንት ይዞ ወደ አሜሪካ የዓለም አቀፍ ንግድ ኮሚሽን የሄደው ካኖን በ2015 ጠቅላላ የማስገባት እገዳ አስወሰነ፤ ይህም ማንም ያምርተው ማን፣ ፓተንቱን የሚጥሰውን ካርትሪጅ ጉምሩክ እንዲያግድ የሚያደርግ ነው። ተወዳዳሪዎቹ ግን ሰነዱን አንብበው ሌላ ማያያዣ ሠሩ፤ የእነርሱ ዘንበል አትልም። ካኖን እንደገና ሲከስ ኮሚሽኑ በ2019፣ የፓተንቱ ቃል የሚሸፍነው ዘንበል የምትለውን ብቻ ነው ብሎ ተከሳሾቹን አሰናበተ።