የሶቪየት ኅብረት የመጀመሪያ ትውልድ የኒውክሌር ሰርጓጅ መርከቦች

የሶቪየት ኅብረት የመጀመሪያ ትውልድ የኒውክሌር ሰርጓጅ መርከቦች የሚባሉት ከ1950ዎቹ አጋማሽ እስከ 1960ዎቹ መገባደጃ የተሠሩት የፕሮጀክት 627፣ 645፣ 658፣ 659 እና 675 መርከቦች ናቸው። ኔቶ የራሱን ስም አውጥቶላቸዋል፤ 627ን «ኖቬምበር»፣ 658ን «ሆቴል»፣ 659ንና 675ን ደግሞ «ኤኮ» ይላቸዋል። ስለ እነዚህ መርከቦች ሲወራ ብዙውን ጊዜ የኬ-19 አደጋ ተነሥቶ ወሬው እዚያው ያልቃል። እዚህ የሚቀርበው ከዚያ ትንሽ ሰፋ ያለ ነው። ዓመተ ምሕረቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ባሕር ኃይሉ ያልሰማው ፕሮጀክት

አሜሪካኖች የዓለምን የመጀመሪያ የኒውክሌር ሰርጓጅ፣ ናውቲለስን፣ መሥራት የጀመሩት በጁን 1952 ነው። ስታሊን የሶቪየቱን ውሳኔ የፈረሙት በዚያው ዓመት ሴፕቴምበር ላይ ነበር። የሥራው ሳይንሳዊ ኃላፊ አናቶሊ አሌክሳንድሮቭ፣ የሪአክተሩ ዋና ንድፍ አውጪ ኒኮላይ ዶሌዣል፣ የመርከቧ ደግሞ ቭላድሚር ፔሬጉዶቭ ሆኑ። ፔሬጉዶቭ የሚመሩት ቢሮ ሌኒንግራድ የነበረው ልዩ የንድፍ ቢሮ ቁጥር 143፣ የዛሬው «ማላኪት» ነው።

ሥራውን የያዙት የአቶሚክ ቦምቡ ሰዎች ነበሩ። ምስጢሩ ከመጥበቁ የተነሣ መርከቧን የሚረከበው ባሕር ኃይል ለሁለት ዓመት ያህል ከነገሩ ውጭ ተደርጎ ቆየ። መርከቧ የታሰበችው አንድ መሣሪያ እንድትሸከም ነው፤ ቲ-15 የተባለ፣ ውፍረቱ 1.55 ሜትር፣ ርዝመቱ ከ23 ሜትር በላይ፣ ክብደቱ 40 ቶን የሚሆን ቶርፔዶ። ጫፉ ላይ የሃይድሮጅን ቦምብ ተጭኖ ጠላት ወደብ አጠገብ እንዲፈነዳ ነበር ሐሳቡ። ከመርከቧ ርዝመት አንድ አምስተኛውን አንድ ጥይት ሊይዘው ነው ማለት ነው።

በ1954 የባሕር ኃይሉ ባለሙያዎች ንድፉን እንዲያዩ ሲፈቀድላቸው ሐሳቡን አልተቀበሉትም። እንዲህ ያለች መርከብ ያን ያህል ወደ አሜሪካ ጠረፍ ልትጠጋ እንደማትችል፣ ብትጠጋም ራሷን የምትከላከልበት በቂ ቶርፔዶ እንደሌላት አስረዱ። ቲ-15 ቀርቶ በቦታው ስምንት መደበኛ የ533 ሚሊ ሜትር ማስወንጨፊያዎችና 20 ቶርፔዶዎች ገቡ። መሣሪያውን የሚያውቅ ሰው ሲጠየቅ እንዲህ ነው። የቲ-15 አባት የሃይድሮጅን ቦምቡ ሊቅ አንድሬ ሳካሮቭ ናቸው የሚል ወሬ በብዙ ቦታ ይገኛል። ሳካሮቭ ግዙፍ ቶርፔዶ አስበው እንደነበር፣ አንድ አድሚራል ሐሳቡን ሰምቶ ሲጸየፈው እንዳፈሩም ራሳቸው ጽፈዋል። ያ ግን የ1960ዎቹ መጀመሪያ ነገር ስለሆነ ሁለቱን ማምታታት ስሕተት ነው።

ኬ-3

ከዚህ ንድፍ የወጣችው የመጀመሪያዋ የሶቪየት የኒውክሌር ሰርጓጅ፣ የፕሮጀክት 627ቷ ኬ-3 ናት። ታሪኳ ከሌሎቹ ሁሉ በተሻለ የሚታወቀው የመጀመሪያዎቹ አዛዦቿ ጽፈውት ስለሄዱ ነው። ስለዚህ እዚህም ሰፋ ብሎ ይገኛል።

መጀመሪያ አዛዥ ሆነው የተመደቡት ሊዮኒድ ኦሲፔንኮ፣ ምክትላቸው ደግሞ ሌቭ ዥልትሶቭ ነበሩ። ሥልጠናው ከሞስኮ ወደ ደቡብ ምዕራብ 100 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ በምትገኘው ኦብኒንስክ፣ የዓለም የመጀመሪያው የኒውክሌር ኃይል ማመንጫ በ1954 ሥራ በጀመረባት ከተማ ተካሄደ። መኮንኖቹ መለዮአቸውን አውልቀው ሲቪል ለብሰው እንዲቀመጡ ታዘዙ፤ ባሕር በሌለበት ከተማ ባሕረኛ በዛ እንዳይባል። እዚያው የመርከቧ ሞተር ክፍሎች አምሳያ የብስ ላይ ተተክሎ ሪአክተሩ በማርች 1956 ሥራ ጀመረ። ሌኒንግራድ ላይ ደግሞ የመርከቧ ክፍሎች በሙሉ መጠናቸው ከእንጨት ተሠሩ። ንድፍ አውጪዎቹ በእንጨቱ ውስጥ እየገቡ ቱቦው የት እንደሚያልፍ፣ የቫልቩ እጀታ ለሰው እጅ ይመች እንደሆነ ያዩ ነበር።

መርከቧ ራሷ የተጀመረችው በሴፕቴምበር 24 ቀን 1955፣ ነጭ ባሕር ዳር ባለችው ሞሎቶቭስክ ነው። ከተማዋ በ1957 ሴቬሮድቪንስክ ተብላለች። ኬ-3 ርዝመቷ 107.4 ሜትር ሲሆን በሁለት ሪአክተሮች ትንቀሳቀሳለች፤ እያንዳንዳቸው የ70 ሜጋ ዋት ሙቀት ይሰጣሉ። እስከ 300 ሜትር ትጠልቃለች። አፍንጫዋ ክብ፣ የዓሣ ነባሪ ግንባር የሚመስል ነው። ናውቲለስ ግን የውኃ ላይ መርከብ ቅርጽ ገና አልለቀቃትም ነበር። የፔሬጉዶቭ ብልሃት እዚህ ላይ ነው፤ መርከቧን ውኃ ላይ ለመንሳፈፍ ሳይሆን ውኃ ውስጥ ለመኖር ቀረጿት።

በጁላይ 4 ቀን 1958 ከጠዋቱ 10 ሰዓት ከ3 ደቂቃ (በአገራችን አቆጣጠር ከጧቱ 4 ሰዓት ከ3) ኬ-3 በኒውክሌር ኃይል መንቀሳቀስ ጀመረች። አሌክሳንድሮቭ በመቆጣጠሪያው ጠረጴዛ መዝገብ ላይ፣ በአገሪቱ ታሪክ ለመጀመሪያ ጊዜ ያለ ከሰልና ያለ ነዳጅ ዘይት እንፋሎት ለተርባይን መድረሱን በእጃቸው ጻፉ። በሙከራው ሪአክተሮቹ ከሙሉ ኃይላቸው 60 በመቶ ገደማ ብቻ ይዘው ከ23 ኖት በላይ ሄደች። ሙሉ ኃይሏን ስትይዝ 30 ኖት ማለትም በሰዓት 55 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ከናውቲለስ ጋር ሲነጻጸር ልዩነቱ ትንሽ አይደለም።

የእንፋሎት አመንጪዎቹ ጣጣ

ሪአክተሩ እንደ ሻይ ማንቆርቆሪያ በቀጥታ እንፋሎት አያወጣም። የመጀመሪያው ዑደት ውኃ በ200 ከባቢ አየር ግፊት ተጨንቆ ሳይፈላ በሪአክተሩ ውስጥ ይዞርና ሙቀቱን ይዞ ወደ እንፋሎት አመንጪው ይገባል። እዚያ በቀጫጭን ቱቦዎች ግድግዳ በኩል ሙቀቱን ለሁለተኛው ዑደት ውኃ ይሰጣል፤ ተርባይኑን የሚያዞረው የሁለተኛው ዑደት እንፋሎት ነው። የመጀመሪያው ውኃ ጨረር አለበት፣ ሁለተኛው ንጹሕ ነው። ሁለቱን የሚለያቸው የቱቦው ስስ ግድግዳ ብቻ ነው።

የዚህ ትውልድ መርከቦች መከራ ከሞላ ጎደል በዚያ ግድግዳ ላይ ያረፈ ነበር። የማይዝግ ብረት ቱቦዎቹ ጥቂት መቶ ሰዓታት ሠርተው መሰንጠቅ ይጀምራሉ፤ የተበከለው ውኃ ወደ እንፋሎቱ ይሾልክና ተርባይን ክፍል ውስጥ የጨረሩ መለኪያ መውጣት ይጀምራል። መካኒኮቹ የትኛው አመንጪ እንደሚያፈስ ፈልገው ይዘጉታል፤ ጉዞው በቀሩት ይቀጥላል። ባሕረኞቹ በኋላ እንዳወሱት፣ የአንዱ ክፍል አየር ከልክ በላይ ሲበከል አየሩን ከሌሎቹ ክፍሎች ጋር አደባልቀው ብክለቱን ለሁሉም የሚያካፍሉበት ጊዜ ነበር። የኬ-3 እኅት የሆነችው ኬ-8 በኦክቶበር 1960 ባሬንትስ ባሕር ላይ በዚሁ ምክንያት ብዙ ባሕረኞቿ ለጨረር ተጋለጡባት። ጥፋቱ የንድፍ አውጪዎቹ ነው የሚሉ አሉ። ይህ ግን ሙሉ ፍርድ አይደለም፤ የብረታ ብረቱም የብየዳውም ጥበብ ገና እየተፈለሰፈ መርከቡ እንዲደርስ የቀን ቀጠሮ ተቆርጦለት ነበር። ቱቦዎቹ የተሻለ ብረት ያገኙት ቀስ በቀስ ነው።

ሰሜን ዋልታ፣ ከዚያም ኩባ

ናውቲለስ ከበረዶው ሥር ሰሜን ዋልታ የደረሰችው በኦገስት 1958 ነው። ኬ-3 ተጠግና፣ እንፋሎት አመንጪዎቿ ተቀይረው፣ በዥልትሶቭ አዛዥነት በጁላይ 17 ቀን 1962 በዚያው ነጥብ አለፈች። ተመልሳ ስትደርስ ኒኪታ ክሩሽቾቭ መጥተው ጠበቋት። ዥልትሶቭ፣ የጉዞው መሪ ሪር አድሚራል አሌክሳንደር ፔቴሊን እና የሞተር ክፍሉ ኃላፊ ሩሪክ ቲሞፌዬቭ የሶቪየት ኅብረት ጀግና ተባሉ። ከአዛዦቹ ጎን አንድ የሞተር ሰው መሸለሙ ትክክለኛ ፍርድ ነበር። በዚያው ዓመት መርከቧ «ሌኒንስኪ ኮምሶሞል» የሚል ስም ተሰጣት። በበረዶው መካከል ልክ ዋልታው ላይ ብቅ ያለችው የመጀመሪያዋ የሶቪየት መርከብ ግን ኬ-181 ናት፤ በሴፕቴምበር 29 ቀን 1963።

ከሰሜን ዋልታው ሦስት ወር በኋላ የኩባ ቀውስ ሲፈነዳ ግን ወደ ካሪቢያን የተላኩት አራት የዲዝል ሰርጓጆች ነበሩ። የኒውክሌሮቹ አንዷም አልሄደችም። ምክንያቱ ከላይ የተነገረው የእንፋሎት አመንጪዎቹ ጣጣ ነው።

ኬ-19

ፕሮጀክት 658 የባሊስቲክ ሚሳኤል ተሸካሚ ነው። ስምንት ተሠርተዋል፤ እያንዳንዳቸው ሦስት አር-13 ሚሳኤሎችን በማማቸው ውስጥ ይይዛሉ። ሚሳኤሉን ለመተኮስ መርከቧ ውኃ ላይ መውጣት አለባት። የመጀመሪያዋ ኬ-19 በኖቬምበር 1960 አገልግሎት ገባች። ወደ ውኃ ስትወርድ የተወረወረው የሻምፓኝ ጠርሙስ አልሰበር ማለቱ እስካሁን ይወራል።

በጁላይ 4 ቀን 1961 ሊነጋ ሲል፣ መርከቧ ሰሜን አትላንቲክ ላይ ልምምድ ላይ እያለች፣ የአንዱ ሪአክተር የማቀዝቀዣ ግፊት በድንገት ወደ ዜሮ ወረደ። ሪአክተሩ ቢጠፋም ሙቀቱ መውጣቱን ቀጠለ። ተጠባባቂ ማቀዝቀዣ በንድፉ ውስጥ አልነበረም። አዛዡ ካፒቴን ኒኮላይ ዛቴዬቭ ያላቸው አማራጭ አንድ ነበር፤ ሰዎች ሪአክተር ክፍል ገብተው የአየር ማስወጫውን ቱቦ ቆርጠው የውኃ ቱቦ እንዲበይዱበት። የጨረር መከላከያ ልብስ አልነበረም። የዝናብ ካፖርትና የጋዝ ጭምብል ለብሰው፣ በየጥቂት ደቂቃው እየተቀያየሩ ገቡ። አንዳንዶቹ ሲወጡ ጭምብላቸውን ሳያወልቁ ያስመልሳቸው ነበር። ገና መርከቧ ላይ የመጣው ወጣቱ ሌተናንት ቦሪስ ኮርቺሎቭ ከገቡት አንዱ ነው።

ብየዳው ያዘ፤ ውኃው ሪአክተሩን አቀዘቀዘው። ለሰዎቹ ግን ዘገየ። ከገቡት ስምንቱ በሦስት ሳምንት ውስጥ ሞቱ፣ ኮርቺሎቭም ከነሱ አንዱ ነበር።

የመርከቧ የሩቅ ርቀት ሬዲዮ ስለተበላሸ ጥሪው የተሰማው በአካባቢው ለነበሩ የዲዝል ሰርጓጆች ብቻ ነው። የኤስ-270 አዛዥ ዣን ስቨርቢሎቭ ከበላይ ሳይፈቀድላቸው ቦታቸውን ለቀው መጥተው ባሕረኞቹን መቀበል ጀመሩ። ዛቴዬቭ ሁከት እንዳይነሣ ፈርተው ቀላል የጦር መሣሪያዎቹን አስቀድመው ወደ ባሕር አስጥለዋቸው ነበር።

የቱቦው መሰንጠቅ ምክንያት ዛሬም ያከራክራል። አንዱ ወገን መርከቧ ስትሠራ የቀለጠ የብየዳ ጠብታ ቱቦው ላይ ወድቆ ነው ይላል፤ ሌላው በሙከራ ጊዜ ሥርዓቱ ሊሸከመው ከሚገባው በላይ በሆነ ግፊት ተሞክሮ ተጎድቷል ይላል። በወቅቱ ለሕዝብ ምንም አልተነገረም። መርከቧ የተበከለው ክፍሏ ተቆርጦ ተተክቶ ተመለሰች፤ ባሕረኞች ግን «ሂሮሺማ» አሏት። በ1969 ከአሜሪካዊቷ ሰርጓጅ ጌቶ ጋር ከውኃ ሥር ተጋጨች፤ በፌብሩዋሪ 1972 በተነሣባት እሳት 28 ባሕረኞቿ ሞቱ፣ 12 ሰዎች ከኋላው ክፍል ከሦስት ሳምንት በላይ ተዘግቶባቸው በሕይወት ወጡ። ሚኻይል ጎርባቾቭ በ2006 የ1961ዱን ባሕረኞች ለኖቤል የሰላም ሽልማት ጠቁመዋል።

የቀሩት

ከ627 ወገን ኬ-3ን ጨምሮ 13 መርከቦች ተሠርተዋል። ፕሮጀክት 659 አምስት ነበሩ፤ በሩቅ ምሥራቅ በኮምሶሞልስክ ናአሙሬ ተሠርተው በፓሲፊክ አገለገሉ። ፕሮጀክት 675 በቁጥር ከሁሉም ይበልጣል፤ 29 ናቸው፣ እያንዳንዳቸው የአውሮፕላን ተሸካሚ መርከብ የሚመቱ ስምንት ክሩዝ ሚሳኤሎች ይይዛሉ። በ1966 መጀመሪያ ኬ-133 እና ኬ-116 ከሰሜን ተነሥተው፣ ደቡብ አሜሪካን በድሬክ ወሽመጥ ዞረው፣ ከ50 ቀናት በላይ ውኃ ውስጥ ቆይተው ካምቻትካ ገብተዋል።

የ675ቶቹ ነገር እኛም ደጅ ይደርሳል። በደርግ ዘመን የሶቪየት የሕንድ ውቅያኖስ ጓድ፣ ዛሬ የኤርትራ በሆነችው የዳህላክ ደሴት ኖክራ ላይ ተንሳፋፊ ዶክ ያለው የአቅርቦትና የጥገና ጣቢያ ነበረው፤ ከፓሲፊክ የሚመጡት 675ቶች እዚያ ይጠገኑ ነበር። ጣቢያው በ1991 ተዘጋ።

ኬ-27 ለብቻዋ ናት። ፕሮጀክት 645 ይባላል፤ ሪአክተሮቿ የሚቀዘቅዙት በውኃ ሳይሆን በቀለጠ የሊድና የቢስመዝ ቅይጥ ነበር። ቅይጡ ከቀዘቀዘ ስለሚረጋ ሁልጊዜ ማሞቅ ያስፈልጋል። በሜይ 1968 የሪአክተሯ ነዳጅ ተጎድቶ ዘጠኝ ባሕረኞቿ ሞቱ። በ1980ዎቹ መጀመሪያ ካራ ባሕር ውስጥ፣ ኖቫያ ዜምልያ አጠገብ፣ 33 ሜትር ያህል ጥልቀት ላይ ተሰመጠች።

እሳትም ከቱቦው ባልተናነሰ ፈጅቷል። ኬ-3 ራሷ በሴፕቴምበር 8 ቀን 1967 ኖርዌይ ባሕር ላይ ከፊት ክፍሎቿ በተነሣ እሳት 39 ሰዎች ሞቱባት፤ መነሻው ከሃይድሮሊክ ቱቦ የፈሰሰ ዘይት ነው ይባላል። ኬ-8 ደግሞ በኤፕሪል 1970 ቢስኬይ ወሽመጥ ላይ ተቃጥላ ሰመጠች፤ 52 ሰዎች ሞቱ። አዛዡ ቭሴቮሎድ ቤሶኖቭ አብረዋት ወረዱ። ከሶቪየት የኒውክሌር ሰርጓጆች ሰምጣ የጠፋች የመጀመሪያዋ ናት።

ድምፃቸው ትልቅ ድክመት ነበር፤ ከሩቅ ይሰማሉ። ፍጥነታቸውን ግን አሜሪካኖችም ያመኑት ነው። በጃንዋሪ 1968 የአውሮፕላን ተሸካሚዋ ኢንተርፕራይዝ ፍጥነቷን ስትጨምር አንዲት «ኖቬምበር» ወደኋላ ሳትቀር ስትከተላት መገኘቷ፣ የሎስ አንጀለስ ዓይነት ፈጣን ሰርጓጆች እንዲሠሩ ከገፋፉት ምክንያቶች አንዱ ሆኖ ይጠቀሳል።

ኬ-3 ሪአክተሮቿ ተነሥተው በ2021 ወደ ክሮንሽታድት ተወሰደች፤ ከ2023 ጀምሮ ለጎብኚ ክፍት ናት። እኅቷ ኬ-159 በኦገስት 2003 ለመፈታት እየተጎተተች ሳለ ባሬንትስ ባሕር ላይ ሰመጠች። ከተሳፈሩት 10 ሰዎች አንዱ ብቻ ተረፈ። 800 ኪሎ ግራም ያህል ያገለገለ የኒውክሌር ነዳጅ አሁንም እዚያው ውስጧ አለ።