ስለ ኦቶ ሄለር የሚነገሩ ስሕተቶች

«ሄለር? እርሱ እኮ እንግሊዞች ያሠለጠኑት ስደተኛ ነው።» የሲኒማቶግራፈሩ (የፊልምን ካሜራና ብርሃን የሚመራው ባለሙያ) የኦቶ ሄለር ስም በተነሣ ቁጥር ይህ ይደገማል። ሰውዬው በ1896 ፕራግ ተወለደ (ዓመቶቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)፤ በ1916 የኦስትሪያ-ሃንጋሪውን ንጉሠ ነገሥት የፍራንዝ ዮዜፍን ቀብር ሲቀርጽ ገና የሃያ ዓመት ወጣት ነበር። በ1920ዎቹ ከዳይሬክተሩ ካሬል ላማችና ከተዋናይቷ አኒ ኦንድራ ጋር የቼክን ድምፅ አልባ ሲኒማ አቅንቷል። ከናዚዎች ሸሽቶ ብሪታንያ ሲገባ ከሃያ ዓመት በላይ የዳበረ ሙያ ይዞ ነው። ማን ማንን እንዳሠለጠነ ፍረዱ።

«ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሥራ አስፈታው» የሚሉም አሉ። በ1943 እንደ እርሱ ከተሰደደው ላማች ጋር ለንደን ላይ «ዜይ ሜት ኢን ዘ ዳርክ» የተባለውን ፊልም ሠርቷል።

«ችሎታው በጥቁርና ነጭ ብቻ ነው» ለሚሉት ደግሞ እርሱ የቀረጸውን፣ በ1955 የወጣውን «ዘ ሌዲኪለርስ» ይመልከቱ፤ በቴክኒከለር የተቀረጸ ባለ ቀለም ፊልም ነው።

ሄለር የቀረጸው «ፒፒንግ ቶም» (1960) የዳይሬክተሩን የማይክል ፖዌልን ስም በብሪታንያ ክፉኛ ጎድቷል። ሄለርን ግን አልጎዳውም፤ በተከታዩ ዓመት የወጣውን «ቪክቲም»ን የቀረጸው እርሱ ነው።

ከሁሉ የሚያንገበግበኝ ሄለር ስለ ቀረጸው ፊልም ስለ «ዘ ኢፕክረስ ፋይል» (1965) የሚባለው ነው። በፊልሙ ውስጥ ድብድብን በስልክ መደወያ ሣጥን መስታወት አሻግረን እናያለን፤ ሰዎችም ካሜራው ፊት ከተደቀነ ዕቃ ጀርባ ይታያሉ። «ያ ሁሉ የወጣቱ ዳይሬክተር የሲድኒ ፊዩሪ ነው፤ ሽማግሌው ካሜራ ከመያዝ በቀር ምን አደረገ?» ይላሉ። ፊዩሪ እንዲህ ያለውን ማዕዘን መውደዱን ማንም አይክድም። የቅርቡ ዕቃና የሩቁ ፊት አብረው እንዲጠሩ የሚያደርገው ግን ብርሃን ነው። የሌንሱን ቀዳዳ ስታጠቡ ጥራቱ ወደ ኋላ ይዘልቃል፤ ነገር ግን የሚገባው ብርሃን ስለሚቀንስ መብራት መጨመር ግድ ይሆናል። መብራት ስትጨምሩ ደግሞ ጥላው ይሞታል። ጥላውን ሳይገድሉ ብርሃኑን ማብቃቃት የሲኒማቶግራፈሩ ሥራ ነው። ፊልሙ የተቀረጸበት ቴክኒስኮፕ የተባለው የአቀራረጽ ዘዴ አጠር ያሉ ሌንሶችን ስለሚያሠራ ለጥልቀቱ ረድቶታል፤ ፍሬሙ (ጥሬ ፊልሙ ላይ የሚያርፈው እያንዳንዱ ምስል) ከተለመደው በግማሽ ስለሚያንስ ግን የብርሃን ስሕተትን አይምርም። የብሪታንያ ፊልም አካዳሚም በዚህ ፊልም የሲኒማቶግራፊ ሽልማቱን የሰጠው ለሄለር ነው።

አንድ ተማሪዬ ይህንኑ ሊሞክር ካሜራውን ከአባጆራ ጀርባ አቆመ። አባጆራው ቁልጭ ብሎ ወጣ፤ ተዋናይቷ ግን ጭጋግ ሆነች። «ማዕዘኑ እኮ ትክክል ነው!» ብሎ ተከራከረኝ። ማዕዘኑ ትክክል ነበር፤ ፊቷ ላይ ብርሃን አልነበረም። እንዲህ ዓይነት ፍሬም የምትሞክሩ ሁሉ፣ በቅድሚያ ከኋላ ያለውን ሰው አብሩ። ቀጥሎ የሌንሱን ቀዳዳ አጥብቡና ፊቱ መጥራቱን አረጋግጡ። ከፊት የሚደቀነውን ዕቃ በመጨረሻ አስገቡ፤ ለእርሱ ብላችሁ አንድም መብራት አትጨምሩ፤ ጠቁሮ ይቅር።