ሬዞናንስ ምንድን ነው? ያጠራቅማል እንጂ አያባዛም

ሰሞኑን ስለ አንድ የልብ ወለድ ማሽን ሰዎች ሲጨዋወቱ አየሁ። ሙዚቃ ይጫወቱለታል። ማሽኑ ድምፁን ይቀበልና «በሬዞናንስ» ከሌላ ዳይሜንሽን ኃይል ይስባል። በልብ ወለዱ ቅሬታ የለኝም፤ ደራሲ የፈለገውን ማሽን ይሥራ። ያንገበገበኝ አንድ ሰው የሰጠው አስተያየት ነው። «ሐሳቡ እኮ እውነት ነው። ሬዞናንስ ኃይልን ያባዛል። ዘፋኝ በድምጿ ብርጭቆ ትሰብር የለ?» ይላል። ይህችን ነገር ስንት ጊዜ እንደሰማኋት! ንዝረት የማስተምር ሰው ነኝና ዛሬ ዝም ብዬ ማለፍ አልቻልኩም።

ሬዞናንስ ምንም አያባዛም። ያጠራቅማል።

ዕቁብን አስቡት። ሃያ ሰው በየሳምንቱ አንድ አንድ ሺህ ብር ይጥላል። ዕጣ የወጣለት ሃያ ሺህ ብር ይዞ ይሄዳል። ከሩቅ ላየው ሰው ዕቁቡ ገንዘብ የሚወልድ ይመስላል። ዕቁብተኞቹ ግን እያንዳንዱ ብር ከማን ኪስ እንደወጣ ያውቃሉ። ብርጭቆውም እንደዚሁ ነው። ድምፁ በሰከንድ በመቶዎች የሚቆጠር ጊዜ ትንሽ ትንሽ ይጥልበታል። የብርጭቆው የራሱ ድግግሞሽ (በሰከንድ ስንት ጊዜ እንደሚነዝር) እና የድምፁ ድግግሞሽ ከገጠሙ እያንዳንዱ ግፊት በቀኑ የተጣለ ዕቁብ ይሆናል። ካልገጠሙ ግን አንዱ ግፊት የጣለውን የሚቀጥለው መልሶ ይወስደዋል፤ ምንም አይጠራቀምም። ሬዞናንስ ማለት ይኸው መግጠም ነው።

ምሳሌውን ትንሽ ልለጥጠው። የዚህ ዕቁብ ሣጥን ቀዳዳ አለው። ከገባው ጉልበት የተወሰነው ወደ ሙቀትና ወደ አየር ይፈስሳል። ሣጥኑ በሞላ ቁጥር የሚፈስሰውም ይጨምራል። የሚገባውና የሚፈስሰው እኩል የሆኑ ዕለት ክምችቱ ይቆማል። ቀጭን ክሪስታል ብርጭቆ ቀዳዳው ጠባብ ስለሆነ ብዙ ያጠራቅማል፤ ወፍራም የሻይ ብርጭቆ ግን በቀላሉ አይበገርም። ደግሞ ቀዳዳው በጠበበ መጠን ድግግሞሹም በትክክል መግጠም አለበት። ዘፋኟ ትንሽ ከዜማዋ ፈቀቅ ካለች ብርጭቆው ዝም ይላል። ይህን የመጨረሻውን ማንም አልጠየቀኝም፤ ግን ሳልናገረው ማለፍ አይሆንልኝም።

ግራ መጋባቱን ቋንቋችንም ያግዘዋል። «ኃይል» ስንል ፎርስንም (ግፊትን)፣ ኢነርጂንም (ጉልበትን)፣ ፓወርንም (ጉልበት የሚፈስበትን ፍጥነት) ማለታችን ነው። በሬዞናንስ ሲያድግ የምናየው የንዝረቱ ስፋት ነው፤ ማለትም ነዛሪው ወዲያና ወዲህ የሚሄድበት ርቀት። ዓይናችን ስፋቱን ያያል፣ አፋችን «ኃይል ጨመረ» ይላል። ሬዞናንስን «ማስተጋባት» ብሎ መተርጎምም አይረዳም። ማስተጋባት የገደል ማሚቶ ነው፤ ድምፅ ሄዶ፣ ነጥሮ ሲመለስ። ያ ሌላ ነገር ነው።

ማረጋገጫውን ቤታችን ካለው ክራር ማግኘት ይቻላል። ክሩን ሳብ አድርጋችሁ ልቀቁት። ሣጥኑ ድምፁን ያጎላዋል። ይህን አይቶ «ሣጥኑ ጨመረበት» የሚል አይጠፋም። ያንኑ ክር በድፍን ወፍራም ጣውላ ላይ ብትወጥሩት ድምፁ ያንሳል፣ ግን ክሩ ለረጅም ጊዜ ይነዝራል። ሣጥኑ የጣታችሁን ጉልበት ቶሎ አውጥቶ ለአየሩ ሰጠው እንጂ ከየትም አላመጣም። ውስጡ ያልተቦረቦረ የኤሌክትሪክ ጊታር ክሩ ብዙ የሚቆየውም በዚሁ ምክንያት ነው። ማሲንቆ ላይ ደግሞ ድምፁ የማይቆመው የተጫዋቹ ክንድ በደጋኑ በኩል መዋጮውን ስለማያቋርጥ ነው።

ቁጥርም ላስቀምጥ። የድምፅ መጠን በዴሲቤል ይለካል፤ 120 ዴሲቤል ጆሮ የሚያሳምም ድምፅ ነው። በአንድ ካሬ ሜትር ላይ የሚያርፈው ግን 1 ዋት ገደማ ብቻ ነው። ሁሉንም ሳናባክን ወደ ኤሌክትሪክ ብንለውጠው እንኳ አንዲት ባለ 9 ዋት አምፖል አትበራም። ደመና በሌለው ቀን የእኩለ ቀን ፀሐይ በዚያችው ካሬ ሜትር ላይ 1000 ዋት ገደማ ታሳርፋለች። ድምፅ ጆሯችንን የሚያስጨንቀው ጆሯችን እጅግ ንቁ ስለሆነ ነው። በጉልበት ረገድ ሙዚቃ ድሃ ነው።

«ድልድይስ?» ይሉኛል። እ.ኤ.አ. በኅዳር 1940 አሜሪካ ውስጥ የታኮማ ድልድይ በሰዓት 65 ኪሎ ሜትር ገደማ በሚነፍስ ነፋስ ተጠማዞ ወደቀ። በየመጽሐፉ የሬዞናንስ ምሳሌ ተደርጎ ይቀርባል። ንዝረት የምናስተምር ሰዎች ግን እንደዚያ አንለውም። ነፋሱ ከድልድዩ ድግግሞሽ ጋር እየተመሳሰለ አልገፋውም። የድልድዩ መጠማዘዝ ራሱ የነፋሱን አገፋፍ እየለወጠ ይበልጥ ጉልበት እንዲስብ አደረገው። ፍላተር ይባላል። ያም ሆነ ይህ መዋጮውን የጣለው ነፋሱ ነው።

አሁን ወደ ዳይሜንሽኑ እንምጣ። ዳይሜንሽን አቅጣጫ ነው፤ ጉልበት የተከማቸበት ጎተራ አይደለም። የፊዚክስ ሊቃውንቱ ካሉዛ እ.ኤ.አ. በ1921፣ ክላይንም በ1926 አምስተኛ ዳይሜንሽን ያለበት ስሌት አቅርበዋል። ከባድና የተከበረ ሥራ ነው። እስካሁን በሙከራ የታየ ተጨማሪ ዳይሜንሽን ግን የለም። ቢኖር እንኳ ሬዞናንስ በሩን አይከፍተውም። ጉልበቱ ከዚያ የሚመጣ ከሆነ ዕቁብ ጣዩ ሌላ ነው ማለት ነው፤ እሱን ለይቶ ማሳየት የባለማሽኑ ግዴታ ነው።

እንዲህ ያለ ማሽን አለኝ ያለ ሰው በእውን ነበር። ጆን ኪሊ ይባላል፤ አሜሪካ ውስጥ የፊላደልፊያ ሰው ነው። እ.ኤ.አ. ከ1870ዎቹ ጀምሮ በንዝረት ከኤተር (ያኔ ሕዋውን ሁሉ ይሞላል ተብሎ ከሚታሰብ ረቂቅ ነገር) ኃይል አወጣለሁ እያለ ከባለሀብቶች ገንዘብ ሰበሰበ። እንግዶች ፊት የሙዚቃ መቃኛ ሹካ ይመታል፣ ቫዮሊን ይጫወታል፤ ማሽኑም ይነሳል። ከሃያ ዓመት በላይ ቢጠበቅም ለገበያ የበቃ ሞተር አልወጣም። ኪሊ እ.ኤ.አ. በ1898 ሞተ። በ1899 መጀመሪያ መርማሪዎች የሚሠራበትን ቤት ወለል ነቅለው አዩ። በግድግዳና በወለሉ ውስጥ የሚያልፉ ቱቦዎች ነበሩ። ከምድር ቤቱ ደግሞ ሦስት ቶን ገደማ የሚመዝን ክብ የብረት ታንክ ወጣ፤ መርማሪዎቹ የታመቀ አየር ማጠራቀሚያ ነው አሉ።