ኤማ ቶምፕሰን ስክሪፕት «የምትሞክር» ተዋናይት አይደለችም

ስለ እንግሊዛዊቷ ኤማ ቶምፕሰን ሲወራ «ጎበዝ ተዋናይት ናት፤ ስክሪፕትም ትሞክራለች» የሚሉ አሉ። ይህ «ትሞክራለች» የሚሉት ነገር ያናድደኛል። በትወናም በጽሑፍም ኦስካር ያገኘች ብቸኛዋ ሰው እሷ ናት፤ የትወናውን እ.ኤ.አ. በ1993፣ የስክሪፕቱን በ1996።

«መጀመሪያ ዝና አገኘች፣ ከዚያ መጻፍ አማራት»

የተገላቢጦሽ ነው። ካምብሪጅ ሥነ ጽሑፍ ስትማር ፉትላይትስ በሚባለው የተማሪዎች የኮሜዲ ክበብ ውስጥ ነበረች። በ1988 ቢቢሲ በስሟ ያቀረበውን ተከታታይ የኮሜዲ ዝግጅት የጻፈችው ራሷ ናት። ሐያስያን ክፉኛ አብጠለጠሉት። ፕሮዲውሰር ሊንድሳይ ዶራን ግን እነዚያኑ አጫጭር ድራማዎች አይታ ነው የእንግሊዛዊቷን ደራሲ የጄን ኦስተንን ልብ ወለድ «ሴንስ ኤንድ ሴንሲቢሊቲ» ለፊልም እንድትጽፍ የመረጠቻት። ያኔ ኦስካር የሚባል ነገር በእጇ አልነበረም።

«ልብ ወለዱ እያለ ምን ሥራ አለው? መገልበጥ ነው»

ሥራው አምስት ዓመት ገደማ ፈጅቷል። በ1811 የታተመው መጽሐፍ የዋናዋን ገጸ ባሕርይ የኤሊኖርንና የምትወደውን የኤድዋርድን መቀራረብ በአብዛኛው በትረካ ነው የሚያልፈው፤ ትረካ ደግሞ ካሜራ ፊት አይቆምም። የኤሊኖር የመጨረሻ እህት ማርጋሬትም በመጽሐፉ ውስጥ እምብዛም አትታይም። ቶምፕሰን ምን አደረገች? አባቷ የሞተባትን ይህችን ልጅ ጠረጴዛ ሥር ደበቀቻት። ኤድዋርድና ኤሊኖር እንድትወጣ ብለው ስለ ናይል መነሻ ሆን ብለው ይሳሳታሉ፤ ቤልጅየም ነው እስከማለት ይደርሳሉ። ልጅቱ አላስችል ብሏት የናይል ምንጭ አቢሲኒያ መሆኑን ከተደበቀችበት ትናገራለች። የእኛ አገር ስም ሲጠራ ደስ ማለቱ እንዳለ ሆኖ፣ ሁለቱ ሰዎች ለምን እንደሚዋደዱ ተመልካቹ የሚገባው እዚያች ቦታ ላይ ነው። መጽሐፉ ውስጥ ይህ ትዕይንት የለም።



«ዋናውን ሚና ለራሷ ጻፈችው»

አይደለም። ኤሊኖር በመጽሐፉ የ19 ዓመት ልጅ ናት፤ ቶምፕሰን ደግሞ 35 ሞልቷት ስለነበር ዕድሜዬ አልፏል ብላ ነበር። እንድትጫወተው የፈለጉት ዳይሬክተሩ አንግ ሊ እና የፊልም ኩባንያው ናቸው። የኤሊኖርን ዕድሜ 27 እናድርገው ያለውም ዳይሬክተሩ ነው።

«ተዋናይ ሲጽፍ የመጀመሪያው ደራሲ ይረሳል»

ለዚህ ስክሪፕት ወደ ተሸለመችበት የኦስካር ሥነ ሥርዓት ከመሄዷ በፊት ዊንቸስተር ካቴድራል ወደሚገኘው የኦስተን መቃብር ሄዳ አክብሮቷን ገልጻለች። ይህንንም ኦስካሩን ይዛ መድረኩ ላይ ተናግራዋለች።